ራሱን የቀጠረ ሰው

እኔ ሰው የምጠረጥረው ደስ ብሎኝ አይደለም፤ ሥራዬ ነው። ሃያ ምናምን ዓመት ሙሉ መቀሌ ፍርድ ቤት አጠገብ በምትገኝ አንዲት የቆርቆሮ ክፍል ውስጥ ተቀምጬ ማመልከቻ ስጽፍ ኖሬያለሁ። ከፊቴ መጥቶ የተቀመጠ ሰው ሁሉ የተበደለ ነው። በዳይ አንድ ቀን እንኳ መጥቶ አያውቅም። እስቲ አስቡት፣ በዚህ ሁሉ ዓመት «ጥፋተኛው እኔ ነኝ፣ እንደዚያ ብለህ ጻፍልኝ» ያለኝ አንድም ሰው የለም። ጠዋት ባል ይመጣል፣ ተበድሏል። ከሰዓት ሚስት ትመጣለች፣ እሷም ተበድላለች። ለሁለቱም እጽፋለሁ፣ ሁለቱም ጽሑፎች አንጀት ይበላሉ። እንዲህ እየኖረ የማይጠረጥር ሰው ካለ እሱ ራሱ መጠርጠር አለበት። «ጠርጥር፣ ከገንፎም ውስጥ አለ ስንጥር» ያሉት ሰዎች ምን እንደወጋቸው ባይነግሩንም፣ እኔ ገንፎ ሲቀርብልኝ መጀመሪያ በማንኪያ ገለጥ ገለጥ አድርጌ አያለሁ። ባለቤቴ ለታይ ይህን ስታይ ትቆጣለች። ገንፎውን የሠራችው እሷ ናትና።

ከሁሉ ይበልጥ የምጠረጥረው ደግሞ ሙያ የበዛበትን ሰው ነው። «ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ ላይ አይወጣም» ይባል የለ? የሰፈራችን ልጅ ሃፍቶም በሁለት እግሩ ሰባት ዛፍ ላይ ወጥቷል። ልጅ ስላችሁ አርባ ሊሞላው ትንሽ ነው የቀረው። ፊልም ይሠራል። «ይሠራል» ስል አንድ ነገር የሚሠራ መስሏችሁ እንዳትሸወዱ። ድርሰቱን የሚጽፈው እሱ ነው። የሚያዘጋጀው እሱ ነው። ካሜራ ይዞ የሚቀርጸው እሱ ነው፤ ተዋናይ የቀረበት ቀን ደግሞ ካሜራውን ድንጋይ ላይ ያስቀምጥና ሮጦ ፊቱ ይቆማል። ኮምፒውተር ላይ የሚቆራርጠውና የሚቀጥለው እሱ፣ ከጀርባ የምትሰማዋን ክራር የሚመታው እሱ፣ ፖስተሩን ከቁሓ መንገድ እስከ ዓይደር ባጃጅ ማቆሚያ ድረስ የሚለጥፈው እሱ። በአንደኛው ፊልሙ ላይ ሌባውም፣ ሌባውን የሚያሳድደው ፖሊስም፣ የሚፈርድበት ዳኛም እሱ ነበር። ዳኛ ሲሆን መነጽር አድርጓል። ሕዝቡ ግን ለየው። ዳኛው ፍርዱን ሊያነብ ሲል ከአዳራሹ ኋላ አንዲት እናት «ኣንታ ሃፍቶም፣ ራስህን ማረው እንጂ!» ብለው ጮኹ።

ፊልም በሌለ ጊዜ ሠርግ ይቀርጻል፣ ምርቃት ይቀርጻል፣ የሱቅ ማስታወቂያ ይሠራል። መብራቱም ስልኩም መንገዱም በተዘጋበት በዚያ ክፉ ጊዜ ካሜራውን በጆንያ ጠቅልሎ አልጋ ሥር ከተተና ሬዲዮ ሲጠግን፣ በሶላር ባትሪ ሲሞላ፣ ከዓይናለም በኩል በጋሪ ውኃ ሲያመላልስ ከረመ። ጊዜው ሲሻሻል ካሜራውን አውጥቶ፣ አቧራውን አራግፎ፣ ምንም እንዳልተፈጠረ ቀጠለ። ሰው ሁሉ «ጎበዝ!» አለው። እኔ ግን ይህ ሰው መቼ ነው የሚደክመው ብዬ ጠረጠርኩት።

ይህ ሰው ብርክቲን ወደደ። ብርክቲ ነርስ ናት፤ የጎረቤታችን የኣቦይ ወልዱ ልጅ። ኣቦይ ወልዱ ድንጋይ ጠራቢ ናቸው። አርባ ዓመት ሙሉ ከድንጋይ ሌላ ነገር በእጃቸው አልነኩም ማለት ይቻላል። የሚኖሩበትን ቤት በገዛ እጃቸው ጠርበው የሠሩት ነው፤ የማዕዘኑን ድንጋዮች አይታችሁ ቢላ በመካከላቸው ለማስገባት ብትሞክሩ የሚጎዳው ቢላው ነው። ባለቤታቸው ሞተዋል። ታናሽየው ወንድ ልጃቸው በጦርነቱ ጊዜ እንደወጣ እሱም ወሬውም አልተመለሰም። ከዚያ ወዲህ በግቢው ውስጥ ያሉት አባትና ልጅ ብቻ ናቸው።

ኣቦይ ወልዱ አንድ የማይገባኝ አመል አለባቸው። የራሳቸውን በር ያንኳኳሉ። ቁልፉ በክር ታስሮ አንገታቸው ላይ ይታያል፤ ከኪዳን ሲመለሱ ግን የብረቱን በር በከዘራቸው ሦስት ጊዜ መትተው ይቆማሉ። ብርክቲ ወጥታ ትከፍታለች። ሥራ አድራ ገና ካልገባች ደግሞ በሩ ሥር ካለው ድንጋይ ላይ ተቀምጠው ይጠብቃሉ፤ ቁልፉን አንገታቸው ላይ አንጠልጥለው! እኔ ይህን ለዓመታት በመስኮቴ ሳይ ጠርጥሬያለሁ። ምን እንደጠረጠርኩ ግን አላውቅም። አንድ ቀን ለለታይ «ይሄ ቁልፍ የሌላ ቤት ቁልፍ ቢሆንስ?» ብላት ረዘም ላለ ጊዜ አይታኝ «ታመሃል» አለችኝ።

ሽማግሌ ሆነን የሄድን ጊዜ ሦስት ነበርን፤ እኔ፣ የሃፍቶም ንስሐ አባት ቀሺ ገብረ፣ እና ባጃጅ የሚነዳው የሃፍቶም አጎት። እንደ ደንቡ ቆመን፣ «ልጅዎን ለልጃችን» ብለን ጀመርን። ኣቦይ ወልዱ ወጣት ሳሉ ደሴ ግንብ ሥራ ላይ ስለነበሩ፣ እኔ ወሎዬው ባለሁበት ሁሉ ለክብሬ ብለው በአማርኛ ነው የሚያወሩት። ሃያ ዓመት ትግርኛ ስናገር እየሰሙኝ እስከ ዛሬ እንግዳ ነኝ።

«ሥራው ምንድን ነው?» አሉን።

ሦስታችንም እኩል መለስን። እኔ «ደራሲ» አልኩ፤ ቀሺ ገብረ «ፎቶ አንሺ» አሉ፤ አጎቱ «ሙዚቀኛ» አለ። ኣቦይ ወልዱ በየተራ አዩን።

«ሦስት ሙሽራ ይዛችሁ መጣችሁ» አሉ። «እኔ ያለችኝ አንዲት ልጅ ናት። ተስማሙና ተመለሱ።»

ተስማምተን ተመለስን። ለሁለተኛ ጊዜ ስንሄድ መንገድ ላይ ተለማምደን «ፊልም ሠሪ» አልን፣ እንደ መዝሙር እኩል። «ማን ቀጠረው?» አሉ። ማንም እንዳልቀጠረው፣ በግሉ እንደሚሠራ፣ ራሱ ለራሱ አለቃ እንደሆነ አስረዳናቸው። «እሞ፣ እንግዲያ ራሱን ቀጠረ በሉኛ» አሉና ትንሽ አሰቡ። «ራሱን ያባረረ ቀንስ?»  በማመልከቻ ጽሑፍ የታወቅሁት እኔ ቀድሜ ወደ በሩ ዞርኩ።

ሽማግሌ ሦስት ጊዜ ይሄዳል። ሦስተኛው ላይ እንቢ ከተባለ አራተኛ የለም፤ ጉዳዩ ተዘጋ ማለት ነው። የዘመኑ ልጆች ይህን አይሰሙም ትሉ ይሆናል። ብርክቲ ግን ከሥራ ስትመለስ ባጃጅ መቆሚያው ላይ ይዛኝ «ኣያ ይመር፣ ኣቦይ እሺ ካላለ እኔ ከዚያ በር አልወጣም። ግን ሃፍቶምን ትቼም ሌላ አላገባም። ሦስተኛዋን አደራ» አለችኝ። ዓይኗ ቀልቷል። ከእንቅልፍ ማጣት ነው ብዬ ልጠረጥር ፈልጌ ነበር፤ አልቻልኩም።

እንግዲህ ነገሩ እዚህ ላይ እንዳለ ነው ሃፍቶም አዲስ ፊልም ጀመርኩ ብሎ ብቅ ያለው። በፊልሙ ውስጥ ሽማግሌዎች ልጅ ሊጠይቁ ይሄዳሉ። ሽማግሌዎቹን የምንሠራው እኛው ሦስታችን ነን። ቤቱ የኣቦይ ወልዱ ቤት ነው። አባትየውን የሚሠሩት ኣቦይ ወልዱ ናቸው። አባትየው በመጨረሻ የሚሉት ነገር ደግሞ በወረቀቱ ላይ በጥቁር ቀለም ተጽፏል፤ «ልጄን ሰጥቻለሁ፤ እግዚአብሔር ይባርካቸው»።

አያችሁ? እኔ ወረቀት አንብቤ የምኖር ሰው ነኝ፤ ይህን ወረቀት ግን ሁለቴ አነበብኩት። በአገሩ ልማድ አባት በሽማግሌና በቄስ ፊት የተናገረው ቃል ቃል ነው፤ አይመለስም። ይህ ሰውዬ የሽማግሌውን ቃል በካሜራ ሊያስር ነው! በማግስቱ መንገድ ላይ ጠብቄ ያዝኩት።

«ሃፍቶም፣ ይሄ ፊልም ነው ወጥመድ?»

«ኣያ ይመር፣ ፊልም እዩ፤ ፊልም ነው» አለኝ። አልሳቀም። አለመሳቁን ጠረጠርኩት። ቢስቅም እጠረጥረው ነበር።

እናንተ በእኔ ቦታ ብትሆኑ ምን ታደርጉ ነበር? ዝም ብል ሽማግሌ ማታለል ነው። ብናገር የብርክቲን አደራ መብላት ነው። ሁለት ቀን አሰብኩበት፤ ገንፎም አልበላሁ። በሦስተኛው ቀን ኣቦይ ወልዱ ዘንድ ሄጄ ነገሩን ዙሪያ ጥምጥም አድርጌ አቀረብኩላቸው። ጨርሰው አልሰሙኝም።

«ቤቴ በፊልሙ ይታያል?» አሉኝ።

«ይታያል።»

«የማዕዘኑ ድንጋይም?»

«እሱም ሳይታይ አይቀርም።»

«እሞ ይምጣ» አሉ። ወደ ቤቴ ስመለስ እሳቸውንም እየጠረጠርኩ ነበር።

ቅዳሜ ጠዋት ተሰበሰብን። ሃፍቶም ማይኩን መጥረጊያ እንጨት ላይ አስሮ በብርክቲ የልብስ ማስጫ ገመድ ላይ አንጠለጠለው። የለታይን ትልቁን ትሪ ፀሐይ ላይ አቁሞ ብርሃኑን ወደ ኣቦይ ወልዱ ፊት መለሰው፤ ትሪው እስከ ዛሬ የእኛ ነው እየተባለ እዚያው አለ። ከዚያ ከካሜራው ኋላ ገብቶ «ጀምሩ» አለ። እኔ የተሰጠኝን እንደ ውኃ አወረድኩት፤ ሰው ሲለምን የምጽፈው እኔ አይደለሁ? ኣቦይ ወልዱ በድንጋዩ መደብ ላይ ጋቢያቸውን ተከናንበው አዳመጡኝ።

«አልሰጥም» አሉ።

ሃፍቶም አቆመ። «ኣቦይ፣ ‹ሰጥቻለሁ› ነው የሚለው ወረቀቱ።»

«አውቃለሁ። አንብቤዋለሁ።»

እንደገና ተጀመረ። እንደገና ለመንኩ። «አልሰጥም።» በሦስተኛው የአጎትየው ባጃጅ መንገድ ዘግታ ኖሮ ውጪ ጡሩምባ በጡሩምባ ሆነ። በአራተኛው ሽማግሌው አፋቸውን ከፍተው «ልጄን...» ብለው ጀመሩና፣ ውጠውት፣ «...አልሰጥም» ብለው ጨረሱት።

«ኣቦይ፣ ውሸት እኮ ነው፤ ጨዋታ ነው» አለ ሃፍቶም፣ ላቡን እየጠረገ።

«ቄስ ፊት?» አሉ ኣቦይ ወልዱ። ቀሺ ገብረ ምን ይበሉ? ቀና ብለው የሌለ ደመና ማየት ጀመሩ። እኔም አንዴ በአንዱ እግሬ፣ አንዴ በሌላው እቆማለሁ፤ በፊልምም ቢሆን ሽማግሌ መልስ ሳያገኝ አይቀመጥማ።

ያን ጊዜ ኣቦይ ወልዱ ከመደቡ ተነሡ። ጋቢያቸውን ገፈው ለሃፍቶም ዘረጉለት። «ኣንታ ሁሉንም ትሠራ የለ? ሌባም ፖሊስም ዳኛም ሆነሃል ይሉኛል። በል ተቀመጥና አባት ሁን። አንተው ስጥ።»

«ካሜራውንስ ማን ይይዛል?»

«እኔ። ቀይዋን ነው የምጫነው?»

ሃፍቶም ቀይዋን ቁልፍ አሳያቸውና ጋቢውን ተከናንቦ መደቡ ላይ ተቀመጠ። እኔ ያን ጊዜ በልቤ «ያዘው!» አልኩ። ወጥመዱ በራሱ እግር ላይ ተዘጋ፤ አሁን «ሰጥቻለሁ» ብሎ ለራሱ ይሰጥና እንስቃለን፣ ኣቦይ ወልዱም አይተውት ይተዉታል። ግን የተቀመጠው ሰው ሃፍቶም አልነበረም። ትከሻው ወረደ። ከዘራ የያዘ ይመስል እጆቹን ጉልበቱ ላይ ደራረበ። የኣቦይ ወልዱን ሳል ሳለ። እኔም ሳላስበው አንቱ ብዬ ለመንኩት።

«ሥራው ምንድን ነው?» አለን።

«ፊልም ሠሪ» አልን ሦስታችንም፣ ከልማድ።

 ከዚያ ወረቀቱ ላይ የሌለ ነገር መናገር ጀመረ።

«ሥራ ሥራ የምለው ሌላ የምለው ስለሌለኝ ነው» አለ። «ድንጋይ ጠራቢ ቢሆንም ሰበብ አላጣም ነበር። እኔ ከኪዳን ስመለስ በሬን አንኳኳለሁ። ቁልፍ ጠፍቶኝ አይደለም። ከውስጥ ‹መን ኢዩ?›፣ ማን ነው የሚለኝ ሰው እንዳለ ልስማ ብዬ ነው። አንደኛው ‹መጣሁ› ብሎኝ ወጥቶ አልመጣም። እሷንም ሰጥቼ ማንን ላንኳኳ? ድንጋዩን? ድንጋዩን የሠራሁት እኔ ነኝ፤ እንደማይመልስ አውቃለሁ።» ጋቢውን ወደ ፊቱ ሳብ አደረገው። «እናንተ ሰዎች ጥሩ ናችሁ፤ ልጁም ጥሩ ይሆናል። ግን አልሰጥም። ይቅር በሉኝ፣ አልሰጥም።»

ራሱን ከለከለ። በጋቢ ተከናንቦ፣ በሦስት ሽማግሌ ፊት፣ ራሱን «አልሰጥህም» አለው።

 ብርክቲ ጀሪካን ይዛ ከጓዳ ስትወጣ እዚያው ቆማ ቀርታ ነበር፤ ጀሪካኑን አስቀምጣ ፊቷን ወደ ግድግዳው መለሰች። እኔ ምን እንደተሰማኝ ልንገራችሁ፤ አፈርኩ። ያንን በርና ያንን ሽማግሌ ከእሱ ይበልጥ የማየው እኔ ነኝ፤ መስኮቴ እኮ ፊት ለፊት ነው። ስንት ዓመት አይቼ ጠረጠርኩ። እሱ በመንገድ ሲያልፍ አይቶ ገባው።

ኣቦይ ወልዱ ከካሜራው ኋላ ለረጅም ጊዜ አልወጡም። ሲወጡ ወደ ማንም ሳያዩ ወደ መደቡ ሄደው እጃቸውን ዘረጉ።

«ጋቢዬን» አሉ። ተከናነቡትና ወደ እኛ ዞሩ። «በሉ፣ ነገ እሑድ ከቅዳሴ መልስ ኑ። ይሄንን ነገር ሳትይዙ» ብለው በከዘራቸው ካሜራውን አሳዩን።

ሃፍቶም ሰው ሁሉ ከወጣ በኋላ ወደ ካሜራው ሮጠ። ባዶ ነው። ቀይዋ አልተጫነችም። በዕድሜው ሁሉ ከሠራው የሚበልጠው ሥራ፣ ሌባም ፖሊስም ዳኛም ሆኖ ያላገኘው ሥራ፣ የትም የለም፤ ያየነው አምስት ሰዎች ብቻ ነን። «ኣቦይ፣ ቀይዋን አሳይቼዎት ነበር እኮ!» ቢል «ረሳሁዋ» ሆነ መልሳቸው። አርባ ዓመት ድንጋይ ሲገጥሙ የፀጉር ታህል ክፍተት ያልረሱ ሰው አንዲት ቁልፍ ረሱ። እንዴት አልጠርጥር?

እሑድ ሄድን። ቆምን። «ልጅዎን ለልጃችን» አልኩ፣ ቃል ቃሉን እየመዘንኩ፤ አራተኛ የለማ። ኣቦይ ወልዱ ጉሮሯቸውን ጠራርገው «ሥራው ምንድን ነው?» ሲሉ አጎትየው ዓይኑን ጨፈነ። እኛም ከልምድ ተምረናልና አንዳችንም አልመለስንም። ሽማግሌው ትንሽ ጠበቁንና «እሱን ከእኔ ጋር ይነጋገርበታል። ተቀመጡ» አሉ። ሽማግሌ ተቀመጡ ተባለ ማለት ምን ማለት እንደሆነ ታውቃላችሁ። ከጓዳ በኩል እልልታው ሳንቀመጥ ቀደመን።

አንድ ነገር ብቻ አስከተሉ። ሙሽሮቹ ከግቢው በስተኋላ ያሉትን ሁለት ክፍሎች ይግቡባቸው አሉ። ሰፈሩ ይህን ሲሰማ ምን እንዳለ መገመት አያቅታችሁም። የሚስቱ አባት ግቢ የገባ ወንድ! ቤት መሥራት ያቃተው! እኔም በመስኮቴ ሆኜ ይህ ሰው አንድ ወር አይቆይም ብዬ ነበር። ይኸው ዓመት አለፈው። ኮምፒውተሩን መስኮቱ ሥር አድርጎ ድምፅ ሲያስተካክል ማዳመጫውን አንድ ጆሮው ላይ ብቻ ነው የሚያደርገው። ሌላው ክፍት ነው።

በቅርቡ አማችና አማት ተከታትለው ወደ ቆርቆሮ ክፍሌ መጡ። ሃፍቶም ለአዲሱ ፊልሙ አዳራሽ እንዲፈቀድለት ማመልከቻ ፈልጎ ነው። ሁሉንም ጻፍኩና ‹ሙያ› የምትለው መስመር ላይ ስደርስ ብዕሬን አነሣሁ። አጭር መስመር ናት። ደራሲ ልበል? አዘጋጅ? ኣቦይ ወልዱ ከዘራቸውን ተደግፈው ወረቀቱን ከላይ እያዩ ነበር።

«በር ይከፍታል ብለህ ጻፍ» አሉኝ።

የሚቀልዱ መሰለኝ። ቀና ብዬ አየኋቸው፤ አይቀልዱም። ሃፍቶምን አየሁት፤ ጻፈው አለኝ በአንገቱ። እኔም «ፊልም ሠሪና በር ከፋች» ብዬ ጻፍኩ። ማመልከቻውን የተቀበለችው ጸሐፊ አንብባ «ዘበኛ ነህ እንዴ?» ብትለው፣ «አዎ፣ ግን ከኪዳን መልስ ብቻ ነው የምሠራው» አላት አሉ። አዳራሹ ተፈቀደ።

አሁን ጠዋት ጠዋት በመስኮቴ አያለሁ። ሽማግሌው ይመጣሉ፣ በከዘራቸው ሦስት ጊዜ ይመታሉ። ከውስጥ «መን ኢዩ?» ይላል አንድ ወፍራም ድምፅ። «ኣነ እየ»፣ እኔ ነኝ ይላሉ፤ በሩ ይከፈታል። ቁልፉ ግን አሁንም አንገታቸው ላይ ነው። የዚያ ቤት ቁልፍ መሆኑን እስከ ዛሬ አላረጋገጥኩም።